የቤቱ ሸክም የማን ነው?

በቦዲቲና በአካባቢዋ እናቶቻችን እንሰት ፍቀው፣ ውኃ ቀድተው፣ ቅቤ ለገበያ አውጥተው ቤታቸውን አቁመው ኖረዋል። ዛሬ ከሴት ልጅ ትምህርትም ይጠበቃል። ይህ መልካም ነው፤ ነገር ግን አዲሱ ተጨመረ እንጂ የቀድሞው አልተቀነሰም። ልጃችን ከትምህርት ቤት ስትመለስ ጀሪካኑ ይጠብቃታል፤ ወንድሟ ግን ደብተሩን ይገልጣል። እኛም «የሴት ሥራ ነው» ብለን አልፈናል።

የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ ባልን የቤተሰቡ አለቃ አድርጎ ሴት ልጅ በ15 ዓመቷ እንድታገባ ይፈቅድ ነበር። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ ዕድሜውን ለሁለቱም 18 አደረገ፤ የቤቱንም አመራር የጋራ አደረገው። ይሁን እንጂ አዋጅ ብቻውን ጓዳ ድረስ አይዘልቅም፤ የልብ መለወጥ ያስፈልጋል።

ርእሰ ሊቃነ ጳጳሳት ቅዱስ ዮሐንስ ጳውሎስ ዳግማዊ በ1980 ዓ.ም. ስለ ሴቶች ክብር በጻፉት ሐዋርያዊ መልእክት፣ የኤፌሶንን መልእክት ምዕራፍ 5 ሲያብራሩ፣ መገዛት የሚስት ብቻ ሳይሆን ክርስቶስን በመፍራት የሁለቱም መሆኑን አስተምረዋል። እንግዲህ ልጆቻችንን እኩል የምንወድ ከሆነ ሥራውንም እኩል እናካፍላቸው።

ለውይይት፦ ዛሬ በቤታችን ውኃ የቀዳው ማን ነው? ለምንስ?