ጨው ገዝቶ መመለስ፦ ዳውን ሲንድረም ያለበትን ጎልማሳ ሱቅ መላላክ የማስተማር አሠራር

ዳውን ሲንድረም አንድ ሰው 21ኛውን ክሮሞዞም፣ ማለትም የዘር ባሕርይን ከሚሸከሙት የሕዋስ ክሮች አንዱን፣ በሁለት ፈንታ ሦስት ይዞ በመወለዱ የሚመጣ ሁኔታ ሲሆን፣ ፈረንሳዊው ሐኪም ዤሮም ለዠን ከባልደረቦቹ ጋር እ.ኤ.አ. በ1959 ይህን ካሳወቀ ወዲህ እርግማንም የእናት ጥፋትም አለመሆኑ ታውቋል። ይሁንና ጢም ያበቀለን ሰው ቤተሰቡ ከፍቅር ብዛት የተነሣ ሁሉን እየሠራለት «ማሙሽ» ሲለው ከኖረ፣ ያልተማረው ሁሉ የማይችለው መስሎ ይታያል።

ለመጀመሪያ ሥልጠና ጨው መግዛት ይበቃል። ሥራው ገንዘብ መያዝ፣ መሄድ፣ መጠየቅ፣ መክፈል፣ መልስ መቀበልና ወደ ቤት መመለስ ተብሎ ከተከፋፈለ በኋላ ትምህርቱ ከመጨረሻው ይጀመራል፤ በመጀመሪያዎቹ ቀናት አጃቢው ሌላውን ሁሉ ፈጽሞ፣ ሠልጣኙ ጨዉን ከደጅ ተቀብሎ ለእናቱ ያስረክባል፤ ይህን ሳይነግሩት ሲያደርግ ከሱቅ ተሸክሞ መምጣት፣ ቀጥሎ መልስ መቀበል፣ ከዚያም መክፈል ይጨመርለታል። ይህ የኋልዮሽ ሥልጠና የሚመረጠው ሠልጣኙ በየቀኑ ሥራውን ራሱ ደምድሞ «ተባረክ» ስለሚባል ነው።

ዳውን ሲንድረም ያለባቸው ሰዎች አብዛኛውን ጊዜ ከሰሙት ይልቅ ያዩትን አጥብቀው ስለሚይዙ፣ ሠልጣኙ ባዶ የጨው ከረጢት ለምልክት ይያዝ፤ በ2013 ዓ.ም. የወጡት የብር ኖቶችም በቀለም ስለሚለያዩ፣ መቁጠር የሚያስቸግረው ሰው አረንጓዴውን ባለ 10 ብር ከወይን ጠጁ ባለ 200 ብር መለየት ይለማመዳል። ባለሱቁ ደግሞ ሳይቸኩል እንዲጠብቅና ከአጃቢው ሳይሆን ከገዢው ጋር እንዲነጋገር አስቀድሞ ሊነገረው ይገባል፤ በሰው ፊት እንደ ሌለ መቆጠር ከየትኛውም የሒሳብ ስሕተት ይልቅ ልብ ይሰብራልና።

የሱቁ መንገድም እንደየቦታው ይለያያል፤ ለምሳሌ የፍኖተ ሰላምና የቡሬ ከተሞች ከአዲስ አበባ ወደ ባሕር ዳር በሚወስደው አውራ ጎዳና ላይ ስለሚገኙ፣ ከቡሬም የነቀምት መንገድ ስለሚገነጠል፣ በከባድ መኪናና በባጃጅ መካከል አስፋልት ማቋረጥ ራሱን የቻለ ትምህርት ነው፤ እርሱ እስኪጠና ድረስ ከአስፋልቱ ወዲህ ያለ ሱቅ ይመረጥ። በገጠር ቀበሌም አጃቢው መጀመሪያ ከጎን፣ ቀጥሎ ጥቂት እርምጃ ከኋላ፣ በመጨረሻም ከደጃፍ ሆኖ ይጠብቅ።

የለመደውን ሥራ በድንገት የተወ ሰው ሰነፈ ተብሎ ከመገሠጹ በፊት ወደ ጤና ተቋም መወሰድ አለበት፤ የመስማት መቀነስና በአንገት ፊት የሚገኘው የታይሮይድ ዕጢ መድከም በእነዚህ ሰዎች ላይ ይበዛሉ። ጨው ተልኮ ስኳር ይዞ ሲመለስ ግን ታናሹን መላክ አያስፈልግም፤ ባዶውን ከረጢት አሳይቶ፣ ራሱ ተመልሶ እንዲለውጥ ጊዜ መስጠት ነው።