አረቄ ሲወጣ አልኮል ከውኃ የሚለየው እንዴት ነው?

ከጌሾ፣ ከብቅልና ከእህል የተጠነሰሰው ድፍድፍ በማሰሮ ተጥዶ፣ እንፋሎቱ በመቃ እያለፈ ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ በተቀመጠ መቀበያ እንደሚጠራቀም የኤክስቴንሽን ሠራተኛው ያውቃል። የመለየቱ ምክንያት ግን ብዙ ጊዜ በስሕተት ስለሚነገር በዚሁ ላይ እናተኩራለን።

በባሕር ጠለል ንጹሕ አልኮል በ78፣ ውኃ በ100 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይፈላል። (በ2400 ሜትር ከፍታ ውኃው ራሱ በ92 ዲግሪ ገደማ ስለሚፈላ፣ በደጋ አገር የመጽሐፉን ቁጥር ይዞ ቴርሞሜትር ማንበብ ያሳስታል።) ከዚህ ተነሥቶ «አልኮሉ ብቻውን ቀድሞ ይወጣል» ማለት ልክ አይደለም። ሁለቱ አብረው ይተናሉ፤ በእንፋሎቱ ውስጥ ግን የአልኮሉ ድርሻ ይበልጣል። ከመቶ 10 እጅ አልኮል ያለበት ድፍድፍ መፍላት ሲጀምር ከሚወጣው ግማሽ ያህሉ አልኮል ነው። በማሰሮው የቀረው ወደ 1 እጅ ሲወርድ የሚወጣው ወደ 10 እጅ ብቻ ይሆናል፤ ከዚያ በኋላ የሚነደው እንጨት ውኃ ከማትነን ያለፈ ጥቅም የለውም። ዳግም አረቄ የሚበረታውም ይኸው ሥራ ስለሚደገም ነው።

እሳቱ ከበረታ ድፍድፉ ገንፍሎ በመቃው ያልፋል። የመቀበያው ውኃ ሲሞቅ ካልተለወጠ ደግሞ አልኮሉ ሳይቀዘቅዝ ያመልጣል፤ ኪሳራው ከዚህ ይጀምራል።

«የመጀመሪያው ስኒ ከተደፋ መርዙ ይወገዳል» የሚለውን አባባል ግን አጥብቀን እንቃወማለን። መድፋቱ መጥፎ ሽታን ይቀንስ ይሆናል። ሜታኖል ግን በ65 ዲግሪ የሚፈላ ቢሆንም፣ በድብልቅ ውስጥ ሲሆን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አብሮ ይወጣል። ከእህል ድፍድፍ የሚገኘው ሜታኖል በጣም ጥቂት ነው፤ ሰውን በብዛት የሚያሳውረውና የሚገድለው የፋብሪካ ሜታኖል የተጨመረበት መጠጥ ነው። ስለዚህ አረቄ የሚረከብ ማኅበር ከማን እንደተረከበ ይመዝግብ፤ ለማጠንከር ተብሎ ምንጩ ያልታወቀ አልኮል አይጨመርበት። ጠጥቶ ዐይኑ የደበዘዘበት ሰው «ሲነጋ ይሻለዋል» ሳይባል ወዲያው ወደ ጤና ተቋም ይወሰድ።

በመቃው ፋንታ አሮጌ የመኪና ራዲያተር ወይም በእርሳስ የተበየደ ቧንቧ መጠቀም አይገባም፤ እርሳሱ ወደ አረቄው ይገባል፣ በዐይንም በጣዕምም አይለይም። የመቃው መጋጠሚያ በሚገባ ይመረግ፤ እንፋሎቱ በእሳት ስለሚያያዝ ኩራዝም ከመቀበያው ይራቅ።