መርበብተ ሰሎሞንና የፎገራ አጎበር

የዛሬው ጥናታችን ስለ አንድ መረብ ነው። መረቡን በዓይኑ ያየ፣ በእጁ የዳሰሰ ሰው የለም። ሆኖም ስንትና ስንት ዘመን ሲሠራበት ኖሯል። መርበብተ ሰሎሞን ይባላል።

«መርበብት» በግዕዝ መረብ ማለት ነው። እንደሚተረከው ንጉሥ ሰሎሞን በጥበቡ አጋንንትን ያስገዛ ነበር። ዓሣ አጥማጅ መረቡን ባሕር ውስጥ ዘርግቶ ዓሣውን እንደሚያፍስ፣ እሱም በስውር ስሞች ኃይል አጋንንቱን ጠቅልሎ ያዛቸው። እንግዲህ ይህ መረብ ከገመድ የተሠራ አይደለም፤ ከስም የተሠራ ነው። የጋኔኑን ስም ያወቀ ጋኔኑን ያዘው ማለት ነው። ጣና አጠገብ ላደገ ሰው ምሳሌው ማብራሪያ አያሻውም።

መረቡ ከተረት ወጥቶ የሰው አንገት ላይ የሚውለው በክታብ ነው። ደብተራው የበግ ወይም የፍየል ብራና ያዘጋጅና ቁርጥራጩን እየሰፋ ያስረዝመዋል። በደንቡ ከሆነ ርዝመቱ ከባለቤቱ ቁመት ጋር ይስተካከላል፤ ይኸውም ከራስ እስከ እግር እንዲጠብቀው ነው። ጽሑፉ በጥቁር ቀለም ይጻፍና ቅዱሳት ስሞች በቀይ ይገባሉ። የባለቤቱም የክርስትና ስም ይገባበታል። በየመሐሉ ጠልሰም ይሣላል፤ ትልልቅ ዐይኖች ፊት ለፊት አፍጥጠው ያያሉ። እኛ መጀመሪያ ጌጥ መስለውን ነበር። ለካ ሥራ አላቸው! በሽተኛው ትክ ብሎ ሲያያቸው በውስጡ ያለው ጋኔን ደንግጦ ይሸሻል ተብሎ ይታመናል። ሕፃናት የምትገድለውን ውርዝልያን በጦር የወጋው የቅዱስ ሱስንዮስ ታሪክም በብዙ ክታብ ላይ ይገኛል፤ እሱ በተለይ ለወላድ ነው። ክታቡ ወደ ሌላ ሰው ሲተላለፍ የፊተኛው ስም ተፍቆ የአዲሱ ይጻፍበታል። ዛሬ ብዙ ክታቦች በለንደንና በፓሪስ ቤተ መጻሕፍት ይገኛሉ። ዣክ መርሲዬ የተባለው ፈረንሳዊ ተመራማሪም እ.ኤ.አ. በ1979 ስለ እነዚሁ ክታቦች መጽሐፍ አሳትሟል።

ታዲያ ይህ ሁሉ ለመምህር ምን ያደርግለታል? ትሉ ይሆናል። በክታብ ላይ የሚዘረዘሩት ጠላቶች እነማን እንደሆኑ እንመልከት። ከባርያና ከሌጌዎን፣ ከዛርና ከቡዳ ጎን ውጋት፣ ቁርጥማት፣ ንዳድ ይገኛሉ። ንዳድ ያው ወባ ነው። ርብና ጉማራ በክረምት ሞልተው ፎገራን ያለብሱታል፤ ውኃው ሲሸሽ ኩሬው ይቀራል፤ ከመስከረም እስከ ኅዳር ትንኙ ይበረታል። እ.ኤ.አ. በ1958 በሀገራችን በተነሳው የወባ ወረርሽኝ 3 ሚሊዮን ያህል ሰው ታሞ ወደ 150,000 የሚሆን እንደሞተ ይገመታል። ሐኪም የሌለበት አገር ሰው ክታብ ቢያስር ምን ይደንቃል?

ይህን የምንለው ዛሬ ነው። በማስተማር ልምምድ ላይ ሳለን ግን አላልነውም። ከመካከላችን አንዱ (ሁላችንም ስለሳቅን ጥፋቱ የሁላችን ነው) ክታብ ያሰረ የአራተኛ ክፍል ተማሪ በጓደኞቹ ፊት «አውልቀው» አለው። ልጁ አላወለቀም። በማግስቱ ቀረ፤ በሦስተኛውም ቀን ቀረ። ቤቱ ብንሄድ በንዳድ ተይዞ ተኝቷል። አያቱ መደብ ላይ አስቀመጡንና፦

«ልጆቼ፣ ክታቡን ያሰርሁለት እንዳይሞትብኝ ነው። እናንተ አውልቅ ትላላችሁ። በምትኩ ምን ሰጣችሁት?» አሉን።

መልስ አልነበረንም። አጎበሩ እዚያው ጥግ ላይ ተጠቅልሎ ተቀምጧል። ከ1997 ዓ.ም. ወዲህ አጎበር በብዙ ሚሊዮን ታድሏል፤ ነገር ግን ባለ አራት ማዕዘኑን አጎበር በክብ ጎጆ ውስጥ እንዴት እንደሚሰቅሉት ለእኚህ እናት ያሳያቸው ሰው አልነበረም። ልጁን ወደ ጤና ኬላ አደረስነው፤ ደሙ ተመርምሮ ወባ ሆኖ ተገኘና መድኃኒት ተሰጠው። ከዚያ ተመልሰን አጎበሩን ከጣሪያው ማገር ላይ በአራት ገመድ ወጠርነው፤ ጫፉን ከሰሌኑ ሥር ሸጎጥነው። አያቱ ክታቡን ከልጁ አንገት ፈትተው ከአንዱ ገመድ ላይ አንጠለጠሉት። እኛም ዝም አልን።

ልጁ ድኖ ሲመለስ ትምህርቱን እንደገና አዘጋጀን። በአማርኛው ክፍለ ጊዜ የሰሎሞንን መረብ ታሪክ ተረክንላቸው፤ በሳይንሱ ክፍለ ጊዜ አጎበር ዘረጋንላቸው። ወባን የምታስተላልፈው ትንኝ መሆኗን ሮናልድ ሮስ እ.ኤ.አ. በ1897 ሕንድ ውስጥ እንደደረሰበት፣ ትንኟ በአብዛኛው ከምሽት ጀምሮ እንደምትናደፍ፣ ክሩ የተነከረበት መድኃኒት ያረፈችበትን ትንኝ እንደሚገድል አስረዳን። ተማሪዎቹ የአጎበሩን ቀዳዳ ቀርበው ተመለከቱ፤ ትንኝ እንደማያሳልፍም ተስማሙ። ያ ክታብ ያሰረው ልጅ እጁን አወጣና «መምህር፣ የሰሎሞኑ መረብ ቀዳዳውስ ምን ያህል ነው?» አለን። ክፍሉ በሙሉ ሳቀ፤ እሱም አብሮ ሳቀ። ለጥያቄው መልስ ያለው ባልደረባ በዚሁ ግድግዳ ላይ ቢጽፍልን ደስ ይለናል።