አውድማ ላይ ስንካፈል፤ የንጥጥር ሒሳብ

ማረሱ፣ መዝራቱ፣ ማጨዱና መውቃቱ አልፎ እህሉ አውድማ ላይ ሲቆለል ሥራው ያለቀ ይመስላል። ዳሩ ግን አንድ ሥራ ይቀራል። እሱም መካፈል ነው። ሒሳቡ ከተዛባ ጎረቤት ከጎረቤት፣ ወንድም ከወንድም ይጣላል። ስለዚህ ዛሬ ንጥጥር የሚባለውን ሒሳብ እንማራለን። ንጥጥር ማለት አንዱ ነገር ከሌላው ጋር ሲተያይ ስንት እጅ እንደሚሆን የምናውቅበት ስሌት ነው።

ምሳሌ እንውሰድ። ሁለት ጎረቤታሞች ጤፍ በጋራ ዘሩ። የመጀመሪያው ያዋጣው መሬት 2 ጥማድ ነው። የሁለተኛው 3 ጥማድ ነው። በሬውን፣ ዘሩንና ጉልበቱን እኩል አወጡ። ምርቱን ግን በመሬታቸው ልክ ሊካፈሉ አስቀድመው ተስማሙ። ሲወቃ 10 ኩንታል ሆነ። ለእያንዳንዳቸው ስንት ይደርሳቸዋል?

ይህ ጥያቄ ሲቀርብልን እኛ አስተማሪዎቹ ቸኮልን። «የሁለተኛው መሬት በ1 ጥማድ ይበልጣል፤ ስለዚህ ድርሻውም በ1 ኩንታል ይብለጥ» አልንና ለአንዱ 4 ኩንታል ተኩል፣ ለሌላው 5 ኩንታል ተኩል ፈረድን። አንድ አዛውንት ገበሬ ግን «ልጆቼ፣ እስቲ በጥማድ ቁጠሩት» አሉን። ቆጠርነው። 5 ጥማድ 10 ኩንታል ከሰጠ፣ አንዱ ጥማድ 2 ኩንታል ሰጠ ማለት ነው። ታዲያ ባለ 3 ጥማዱ 6 ኩንታል እንጂ እንዴት 5 ተኩል ይደርሰዋል? እውነታቸውን ነው። በእኛ ስሌት ሰውየው ግማሽ ኩንታል፣ ማለትም 50 ኪሎ ጤፍ ሊቀርበት ነበር። እኛ ያየነው የመሬቱን ብልጫ ብቻ ነው። መታየት የነበረበት ግን እጁ ነው።

የአዛውንቱን ዘዴ እንዲህ አድርገን በሦስት ደረጃ እንጻፈው፦

1ኛ/ እጆቹን እንደምር። 2 እና 3 ሲደመር 5 እጅ።
2ኛ/ ምርቱን ለእጆቹ ብዛት እናካፍል። 10 ኩንታል ለ5 ሲካፈል 2 ኩንታል። ይህ የአንዱ እጅ ነው።
3ኛ/ የአንዱን እጅ በየድርሻው እናባዛ። 2 ጊዜ 2 ኩንታል፣ 4 ኩንታል። 3 ጊዜ 2 ኩንታል፣ 6 ኩንታል።

በመጨረሻ እንመርምር። 4 እና 6 ሲደመር 10 ይመጣል። ልክ ነው። ድምሩ ከምርቱ ጋር ካልገጠመ አንድ ቦታ ተሳስተናልና እንደገና እንሥራው። ድምሩ ቢገጥምም ግን አይበቃም፤ የእኛም ስሕተት ድምሩ 10 ነበርና! ስለዚህ የአንዱ እጅ ለሁሉም እኩል መሆኑንም እንይ።

ይህ ሒሳብ ለገበሬ አዲስ አይደለም። እኩል፣ ሲሶ፣ እርቦ የምንላቸው ሁሉ የንጥጥር ቃላት ናቸው። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ ጭሰኝነትን እስኪያስቀር ድረስ፣ ጭሰኛው እንደየአገሩ ልማድ ለባለመሬቱ እኩሌታውን፣ ሲሶውን ወይም እርቦውን ይሰፍር ነበር። ቁጥር ያልተማረው የተሰፈረለትን ተቀብሎ ከመሄድ በቀር ምን ይበል?

ዛሬም ቢሆን መሬቱን በእኩል ወይም በሲሶ የሚያሳርስ አለ። ስለዚህ ቃሉን ለይተን እንወቅ። ሲሶ ማለት ከ3 እጅ 1 እጅ ነው። አንዱ 1 እጅ ሲወስድ ለሌላው 2 እጅ ይቀራል። ንጥጥሩ 1 ለ2 ነው እንጂ 1 ለ3 አይደለም። ምርቱ 12 ኩንታል ቢሆን ሲሶው 4 ኩንታል ነው፤ የቀረው 8 ነው። 1 ለ3 ብለን ብናካፍለው ግን 3 እና 9 ይሆናል። ይህ ሲሶ ሳይሆን እርቦ ነው። ቃሉን ባለመለየታችን ብቻ 1 ኩንታል ካለቦታው ይሄዳል።

እንግዲህ ውሉን ከመዝራት በፊት እንነጋገር፤ በጽሑፍ እናስፍር፤ አውድማ ላይ ደግሞ እርሳስና ወረቀት ይዘን እንቅረብ።

መልመጃ

1. ሦስት ጎረቤታሞች 2፣ 3 እና 4 ቀፎ አላቸው። አብረው ቆርጠው 45 ኪሎ ማር አገኙ። በቀፏቸው ልክ ሲካፈሉ ለእያንዳንዳቸው ስንት ይደርሳል?
2. ምርቱ 18 ኩንታል ነው። ውሉ ሲሶ ለባለመሬቱ ይላል። የአራሹ ድርሻ ስንት ነው?

መልስ፦ 1/ 10፣ 15 እና 20 ኪሎ። 2/ 12 ኩንታል።