እግር ሲያርፍ ዓይን ይሠራል

በአንድ ሙያ ጎልቶ ያልታየ ሰው ሁለተኛውን ሲጀምር ከገዛ ልቡ የሚነሳ ጥያቄ ይገጥመዋል፦ «እኔ ራሴ ያልደረስኩበት ቦታ ሌላውን እንዴት አደርሳለሁ?» ይህ ጥያቄ የብዙ መምህራንን፣ የብዙ አለቆችንና የብዙ ወላጆችን አቅም አስሮ ይዟል። የቆመው ግን በተሳሳተ መሠረት ላይ ነው። መሥራትና ማሳደግ ዘመዳሞች ቢሆኑም ሁለት ሙያዎች ናቸው፤ አንዱ በእጅና በእግር፣ ሌላው በዓይንና በድፍረት ይሠራል። የኔዘርላንዷ የሃርለም ከተማ ለዚህ ጥሩ ምስክር ናት።

እ.ኤ.አ. በ1937 መጨረሻ በዌልስ የተወለደው ባሪ ሂውዝ በወጣትነቱ በእንግሊዙ የእግር ኳስ ክለብ ዌስት ብሮምዊች አልቢዮን ቆይቷል፤ ስሙ ግን አልገነነም። በ1960 ወደ አምስተርዳም ተሻግሮ ለብላው ዊት ተጫወተ፤ በኋላም አሰልጣኝ ሆነ። በ1979 ነሐሴ ላይ፣ የሃርለም ክለብ አሰልጣኝ ሳለ፣ 17 ዓመት ያልሞላውን ሩድ ጉሊትን በከፍተኛው የኔዘርላንድ ሊግ አሰለፈው። ክለቡ በዚያው የውድድር ዘመን ማብቂያ ከሊጉ ወረደ፤ ሂውዝም ወደ ስፓርታ ሮተርዳም ሄደ። በተከታዩ ዓመት ግን ሃርለም ወደ ላይኛው ሊግ ተመለሰ፤ በ1982 ደግሞ አራተኛ ሆኖ ጨርሶ ለአውሮፓ ውድድር በቃ። ጉሊት ከዚያ ወደ ፌይኖርድ ተዛወረ፤ በ1987 የአውሮፓ ኮከብ ተጫዋች ተባለ፤ በ1988 ኔዘርላንድ የአውሮፓን ዋንጫ ስታነሳ አምበሏ እሱ ነበር። ዘሪው ሌላ፣ አጫጁ ሌላ ሆነ።

«ጉሊት ተሰጥኦ ስለነበረው ማንም ቢያሰለጥነው ይወጣ ነበር» የሚል ይኖራል። ተሰጥኦው የሂውዝ አለመሆኑ እውነት ነው። ይሁን እንጂ ውጤት በሚጠማው ክለብ ውስጥ፣ መውረድ በሚያሰጋበት ዓመት ለአንድ ታዳጊ ቦታ መስጠት ቀላል ውሳኔ አይደለም፤ ቡድኑ ቢሸነፍ ተወቃሹ ልጁ ሳይሆን አሰልጣኙ ነው። ያ ዓመት በመውረድ ማለቁም የውሳኔውን ክብደት ያሳያል። ሂውዝ በታላላቅ ዋንጫዎች ብዛት የሚጠራ አሰልጣኝ አይደለም። ዋንጫ ግን የሚለካው የአንድን ዓመት አዝመራ ነው፤ አሳዳጊን የሚለካው ከሄደ በኋላ የሚታጨደው ነው።

ጠንከር ያለው ተቃውሞ ከታላላቆቹ ወገን ይመጣል። ዮሃን ክራይፍ በእግሩም በአሰልጣኝነቱም ዓለምን አስደንቋል። በእኛም አገር በ1962 ኢትዮጵያ የአፍሪካን ዋንጫ ስትወስድ ግብ ያስቆጠረው መንግሥቱ ወርቁ፣ በኋላ በአሰልጣኝነት ብሔራዊ ቡድኑን ለ1982ቱ የአፍሪካ ዋንጫ አብቅቷል። ታዲያ ጥሩ አሰልጣኝ ለመሆን መጀመሪያ ጥሩ ተጫዋች መሆን አይሻልም? ይረዳል፤ ተጫዋቾች ቶሎ ይሰሙሃል፣ ሜዳውንም ከውስጥ ታውቀዋለህ። ነገር ግን ክራይፍ የአያክስ አሰልጣኝ ሳለ በ1986 የ17 ዓመቱን ዴኒስ በርካምፕን ሲያሰልፍ የተጠቀመው በእግሩ ሳይሆን በዓይኑ ነው፤ ሂውዝም ያደረገው ይህንኑ ነው። ጉሊት ራሱ ሌላው ማስረጃ ነው። በ1997 ቼልሲን ለእንግሊዝ ኤፍኤ ካፕ ባለቤትነት አብቅቷል፤ ከዓመታት በኋላ ግን በሮተርዳሙ ፌይኖርድ አሰልጣኝነት አንድ የውድድር ዘመን ብቻ ቆይቶ ያለ ዋንጫ ተሰናበተ። የዓለም ምርጥ የነበረ እግር ወደ አሰልጣኝነት ሲሻገር ከዜሮ ባይጀምርም፣ መንገዱን እንደገና መማር አለበት።

ስለዚህ ሁለተኛ ሙያ የምትጀምር አንባቢ፣ ያለፈውን ውጤትህን ከመቁጠርህ በፊት ያለፈው ሥራህ ምን ማየት እንዳስተማረህ ጠይቅ። ተጠባባቂ ሆኖ የቆየ ሰው ዕድል ያጣ ጎበዝ ምን እንደሚመስል ያውቃል፤ ፈተና የወደቀ መምህር ተማሪው የት ላይ እንደሚሰናከል ያያል። ይህ ዓይን ግን ድፍረት ካልታከለበት ብቻውን ፍሬ አያፈራም። በሥራ ቦታህ፣ በክፍልህ ወይም በቤትህ ገና ስሙ ያልተጠራ አንድ ወጣት አለ። ሂውዝ ለጉሊት እንዳደረገው፣ ወቀሳው የአንተ እንዲሆን ፈቅደህ አሰልፈው።