የሚሞቅ ወንበር ልብስ ይለብሳል?

ጥያቄ፦ ሚኒያፖሊስ ታክሲ እሠራለሁ። የመኪናዬ ወንበር ማሞቂያ አለው። ልብስ ባለብሰው እሳት ያስነሳብኝ ይሆን?

መልስ፦ ስስ ጨርቅ ከሆነ ያልብሱት። ማሞቂያው ከወንበሩ ቆዳ ሥር የተዘረጋ ቀጭን ሽቦ ነው፤ ሙቀቱን የሚቆጣጠር መሣሪያም አብሮት አለ። ወፍራም ስፖንጅ፣ የበግ ፀጉር ወይም ጀርባው ጎማ የሆነ ልብስ ግን ሙቀቱን ከሥር አፍኖ ይይዛል፤ እርስዎም አልሞቀኝም ብለው እስከ መጨረሻው ይጨምሩታል። ልብሱን በመርፌ ቁልፍ አያያይዙ። ሽቦው ከተወጋ የእሳቱ ስጋት ያን ጊዜ እውነት ይሆናል።

እኔን ይበልጥ የሚያሳስበኝ ኤርባጉ ነው። በብዙ መኪኖች የጎን ኤርባግ የሚወጣው ከወንበሩ መደገፊያ ጠርዝ ስለሆነ፣ የልብሱ ስፌት እዚያ ጋ ክፍት ወይም በቀላሉ እንዲተረተር ሆኖ የተሠራ መሆን አለበት። የመኪናውን መመሪያ ሳያነቡ አይግዙ፤ ልብስ ጨርሶ የሚከለክሉ አምራቾችም አሉ።

የስኳር ሕመም ኖሮብዎ ሰውነትዎ የሚደነዝዝ ከሆነ ግን ማሞቂያውን ባይነኩት እመርጣለሁ። 44 ዲግሪ ሴንቲግሬድ እንኳ ለሰዓታት ከቆየ ቆዳ ያቃጥላል፤ የደነዘዘ ሰው ደግሞ ሕመሙ አይሰማውም። ጤነኛም ቢሆኑ ወንበሩ ከሞቀ በኋላ ማሞቂያውን ዝቅ ያድርጉት፤ ከመኪናው ሲወርዱም ያጥፉት።