ፍርሃትን በማን ላይ እናሳርፍ?

(ስለ ኃይሌ ገሪማ የፊልም ድርሰት የቀረበ አጭር ጥናት)

የሚያስፈራ ፊልም መጻፍ ለብዙዎቻችን ቀላል ይመስለናል፤ ጨለማ፥ ጩኸትና ጭራቅ ከተገኘ ሌላው ራሱ ይመጣል እንላለን። ዳሩ ግን ከጭራቁ በፊት ሊመለስ የሚገባው አንድ ጥያቄ አለ። ይኸውም ደራሲው ተመልካቹን እንዲፈራ የሚያደርገው ማንን ነው? የሚለው ነው።

በውጭ አገር ይህ ዓይነቱ ፊልም የተወለደው ከቴአትር መድረክ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። አሜሪካዊው ጆን ባልደርስተን አስቀድሞ ጋዜጠኛና የቴአትር ደራሲ ነበር። ሃሚልተን ዲን በእንግሊዝ አገር ለመድረክ ያበቃውን «ድራኩላ» እንደገና ጽፎ በ1927 እ.ኤ.አ. በኒው ዮርክ እንዲታይ አደረገ፤ የ1931ዱም ፊልም መሠረቱ ይኸው ቴአትር ነው። በ1932 ደግሞ ከመቃብር ስለ ተነሣ የግብፅ ሬሳ የሚናገረውን «ዘ ማሚ» የተባለ ፊልም ጻፈ። በሁለቱም ድርሰቶች የሚፈራው ለተመልካቹ ባዕድ የሆነው ነው። የተመልካቹ ወገን ንጹሕ ነው፤ ባዕዱ ሲወገድ ሰላም ይመለሳል።

አሁን ወደ ጎንደር እንመለስ። ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ በ1938 ዓ.ም. በጎንደር ተወለዱ። አባታቸው ገሪማ ታፈረ የታሪክና የቴአትር ደራሲ ስለ ነበሩ፥ ልጁ መድረክን ያወቁት በቤታቸው ነው። በ1967 እ.ኤ.አ. ወደ አሜሪካ ሄደው በቺካጎ ጉድማን የቴአትር ትምህርት ቤት ገቡ፤ በ1970 ወደ ሎስ አንጀለስ ተሻግረው ፊልም ተማሩ። ከ1975 ጀምሮም በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለብዙ ዓመታት አስተማሩ። የአስፈሪ ፊልም ደራሲ ተብለው አይጠሩም። ነገር ግን ሁለት ሥራዎቻቸውን ያየ ሰው ከድራኩላ ይልቅ እነርሱ እንቅልፍ ይነሡታል።

በ1993 እ.ኤ.አ. በወጣው «ሳንኮፋ» ሞና የተባለች ጥቁር አሜሪካዊት በጋና ባሕር ዳር ካለው የባሪያ ንግድ ምሽግ ምድር ቤት ትገባለች። በጨለማው ውስጥ በሰንሰለት የታሰሩ ሰዎች ዝም ብለው ያዩዋታል። በዚህ ላይ ጭራቅ የለም፤ ያለው ብርሃን፥ ዝምታና የቆመ ሰው ብቻ ነው፤ ይህም የመድረክ ሙያ ነው። የሚያስፈሩት ግን እስረኞቹ አይደሉም፤ የሚያስፈራው ያሰራቸው እጅ ነው።

በ2008 እ.ኤ.አ. የተፈጸመው «ጤዛ» በቬኒስ የፊልም በዓል የምርጥ ፊልም ድርሰት ሽልማትና የዳኞች ልዩ ሽልማት፥ በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉ ታላቁን ሽልማት አገኘ። አንበርብር በጀርመን አገር ሕክምና ተምሮ፥ የደርግን ሽብር አይቶ፥ በውጭም በዘረኞች ተደብድቦ፥ አካሉ ጎድሎ በጣና አጠገብ ወዳለው መንደሩ ይመለሳል። ሌሊት ቅዠት ያባንነዋል። በቀን ወጣቶች ከወታደር አፈሳ ሸሽተው በዋሻ ይደበቃሉ። አዛኑ የምትባለውን ሴት ደግሞ መንደሩ አግልሏታል። ባልደርስተን ቢሆን ኖሮ ምናልባት አስፈሪዋ እርሷ በሆነች ነበር። ኃይሌ ግን ከእርሷ ጎን አቁመው የሚያገላትን መንደር ያሳዩናል።

ይህ ትምህርት በጉና ግርጌ ለምንኖር ለእኛ በቀጥታ ይመለከተናል። በደብረ ታቦርና በአካባቢው ደጋ ለአስፈሪ ድርሰት የሚሆን ነገር ሞልቷል፤ ጅቡ፥ ጉሙ፥ ገደሉ፥ በእሳት ዳር የሚወራው ተረት ሁሉ አለ። ከሁሉም ቀድሞ ወደ ብዕራችን የሚመጣው ግን የቡዳ ወሬ ነው፤ ቡዳ ሌሊት ጅብ ይሆናል፥ ሰው ይበላል ይባላልና። ይህ ወሬ ጭራቁን ከሩቅ አገር አያመጣም፤ ስም ያለውን ጎረቤት፥ ቀጥቃጩን፥ ሸክላ ሠሪዋንና ሸማኔውን ጭራቅ ያደርጋል። በማረሻው እያረስን፥ በምጣዷ እየጋገርን፥ የሸመነውን እየለበስን እርሱን እንፈራለን! አጼ ቴዎድሮስ ሴባስቶፖልን ያሠሩት እዚሁ አጠገባችን ጋፋት ላይ ነው። በመድፉ እየኮራን ብረት ቀጥቃጩን መናቃችን ምን ይባላል?

ስለዚህ በቴአትር ክበብም ሆነ በፊልም የምትጽፉ ጓደኞቻችን፥ ታሪኩን ተዉት አንልም። ጅቡ ይጩኽ፥ ጨለማውም ይውረድ። ነገር ግን መብራቱ ሲበራ ተመልካቹ የሚያየው ሸክላ ሠሪዋን ሳይሆን፥ ዱላ ይዞ በደጇ የቆመውን ሕዝብ ይሁን። ያን ጊዜ ከአዳራሹ የሚወጣው ሰው ጎረቤቱን ሳይሆን የገዛ እጁን ይፈራል። እኛ እውነተኛ አስፈሪ ድርሰት የምንለው ይህን ነው።